ልዕልት ሳልሜ፤ የዘንጊባሩ ሡልጣን ልጅ

ከአፍሪካ ምሥራቅ ጠረፍ አጠገብ የምትገኘው የዘንጊባር ደሴት ዛሬ በታንዛንያ መንግሥት ውስጥ ናት። በ19ኛው መቶ ዓመት ግን ከዓረብ አገር፣ ከዖማን የመጡ ሡልጣኖች መናገሻቸው አድርገዋት ነበር። በዚያች ደሴት በኦገስት 30 ቀን 1844 ዓመተ ምሕረት ሰይዳ ሳልሜ የምትባል ልዕልት ተወለደች። (እዚህ የተጻፈው ዘመን ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ነው።) ይህች ልዕልት በኋላ ዘመን የገዛ ታሪኳን በእጅዋ ጽፋ ባታቆይ ኖሮ፣ የዓረብ ነገሥታት ቤት በውስጥ ምን ይመስል እንደ ነበረ የምናውቀው ነገር እጅግ ባነሰ ነበር።

አባትዋ ሰዒድ ቢን ሡልጣን ገና በወጣትነቱ በ1806 የዖማንን መንግሥት ያዘ። ዖማን አሸዋና ተራራ የበዛባት፣ ባላባቶችዋም እርስ በርሳቸው የማይስማሙባት አገር ስለ ሆነች፣ ዓይኑን ወደ ባሕር ማዶ አቀና። በ1840 ገደማም መቀመጫውን ከመስቀጥ ወደ ዘንጊባር አዛወረ። በደሴቲቱ ላይ የቅርንፉድን ተክል ያስፋፋ እርሱ ነው፤ ባለ ርስት ሁሉ ለአንድ የኮኮ ዛፍ ሦስት የቅርንፉድ ዛፍ እንዲተክል አዘዘ ይባላል። ቅርንፉዱን የሚተክለውና የሚለቅመው ግን ከአፍሪካ መሬት እየታደነ የሚመጣ ባሪያ ነበር። የሡልጣኑ ሀብትና የቤቱ ግርማ የቆመው በዚህ ላይ መሆኑን አንባቢ ከመጀመሪያው ሊያውቀው ይገባል።

ሡልጣን ሰዒድ በሕግ ያገባት ሚስቱ ዐዛ ቢንት ሰይፍ የምትባል ከዖማን ነገሥታት ዘር የሆነች ኵሩ ሴት ነበረች፤ ልጅ ግን አልወለደችለትም። ልጆቹን ሁሉ የወለዱለት በገንዘብ የተገዙ ዕቁባቶቹ ናቸው። በሞተ ጊዜ ሰባ አምስት ዕቁባቶችና ሠላሳ ስድስት በሕይወት ያሉ ልጆች፣ ማለት አሥራ ስምንት ወንዶችና አሥራ ስምንት ሴቶች፣ እንደ ተዉ ሳልሜ ጽፋለች። የሳልሜም እናት ከእነዚህ ዕቁባቶች አንድዋ ስትሆን ስምዋ ጂልፊዳን ነው። ከካውካስ ተራሮች፣ ከቼርከስ ሕዝብ የተወለደች ናት። ሕፃን ሳለች ወራሪዎች በመንደርዋ ላይ ወድቀው አባትዋንና እናትዋን ገደሉ፤ እርስዋንም ከወንድምዋና ከእኅትዋ ጋር በፈረስ ጭነው ወሰዱ። ሦስቱም በየፊናቸው ተሸጠው ተለያዩ፤ ከዚያ በኋላ አልተገናኙም። ጂልፊዳን ወደ ሡልጣኑ ቤት የደረሰችው የወተት ጥርስዋ ሳይወልቅ ነበር፤ በመጀመሪያም ያደገችው ለሡልጣኑ ልጆች የጨዋታ ጓደኛ ሆና ነው።

ሳልሜ የተወለደችበት ቤት ቤተል ምቶኒ ይባላል። ከከተማው በስተ ሰሜን በባሕር ዳር የተሠራ ሰፊ ግቢ ነው። በውስጡ እስከ ሺህ የሚደርስ ሰው ይኖር ነበር፤ በአደባባዩም ፒኮክ፣ ሰጎንና ሚዳቋ ይመላለሱበት ነበር። በዚያ ቤት የሚሰማው የቋንቋ ብዛት ያስደንቃል፤ ዓረብኛ፣ ፋርስኛ፣ ቱርክኛ፣ ቼርከስኛ፣ ስዋሂሊ፣ የኑባና የሐበሻም ቋንቋ ይነገር ነበር። በሡልጣኑ ፊት ግን ከዓረብኛ በቀር መናገር የተከለከለ ነው።

የሐበሻ ቋንቋ በዘንጊባር ቤተ መንግሥት እንዴት ተሰማ የሚል አንባቢ ቢኖር፣ መልሱ ደስ የሚያሰኝ አይደለም። ከአገራችን በቀይ ባሕር በኩል እየተሸጡ ከሄዱት ሴቶች ጥቂቶቹ የሡልጣኑ ዕቁባቶች ሆነው ነበር። የቼርከስ ሴቶች በቅላታቸው እየኰሩ ከሐበሻ ሴቶች ጋር በአንድ ገበታ መቅረብን ይንቁ ነበር። ከሐበሻ የተወለዱት ልጆችም በበኩላቸው ከቼርከስ የተወለዱትን ወንድሞቻቸውን፣ ከእነርሱ አንዳንዶቹ ሰማያዊ ዓይን ስለ ነበራቸው፣ የድመት ልጆች እያሉ ይዘብቱባቸው ነበር። አባታቸው ልጆቹን በእናታቸው ለይቶ የማያይ ቢሆንም፣ እናቶቹ የተከሉት ቂም በልጆቹ ልብ አደገ። ከሐበሻዪቱ ሴት የተወለደው ባርጋሽ ሲባል፣ ከቼርከስ ሴት የተወለደው ደግሞ ማጂድ ይባላል። የሳልሜ ዕድል በእነዚህ በሁለቱ ወንድሞች መካከል ወደቀ።

ሳልሜ ሰባት ዓመት ሲሆናት ከእናትዋ ጋር ከቤተል ምቶኒ ወጥታ ከማጂድ ጋር መኖር ጀመረች። ማጂድ ሰይፍ መምዘዝን፣ ጠመንጃ መተኰስንና ፈረስ መጋለብን እንደ ወንድ ልጅ አስተማራት። በዚያ ዘመን ለነገሥታት ሴቶች ልጆች የሚፈቀደው ትምህርት ቍርዓንን ማንበብ ብቻ ነው፤ መጻፍ ግን ለሴት ነውር ሆኖ ይቈጠር ነበር። ሳልሜ በዚህ አልረካችም። ለሰሌዳ የሚያገለግለውን የግመል የትከሻ አጥንት ወስዳ፣ ቍርዓኑን ከፊትዋ ዘርግታ፣ ፊደሉን አንድ በአንድ እያየች በድብቅ መገልበጥ ያዘች። ነገሩ በተገለጠ ጊዜ ብዙ ነቀፋ ደረሰባት፤ እርስዋ ግን ጽሕፈቱን አልተወችም።

ሡልጣን ሰዒድ በኦክቶበር 1856 ከመስቀጥ ወደ ዘንጊባር ሲመለስ በመርከብ ላይ ሞተ። አብሮት የነበረው ባርጋሽ ሬሳውን በሌሊት በስውር አውርዶ ቀበረው፤ መንግሥቱንም ለመያዝ ሞከረ፤ ግን አልሆነለትም። ዘንጊባር ለማጂድ፣ ዖማን ለታላቁ ለቱወይኒ ሆነ። በሁለቱ መካከል በተነሣው ክርክር እንግሊዞች በ1861 ፈረዱ፤ ማጂድ ለቱወይኒ በየዓመቱ አርባ ሺህ ብር እንዲከፍል ተወሰነ። ይህም ብር እኛ ጠገራ የምንለው የማርያ ቴሬዛ ብር ነው። ለሳልሜ በአሥራ ሁለት ዓመትዋ ከአባትዋ ርስት ድርሻዋ ተሰጣት፤ በ1859 ደግሞ እናትዋ በኮሌራ በሽታ ሞተችባት።

በዚያው በ1859 ባርጋሽ በማጂድ ላይ አድማ አደረገ። ሳልሜ አሥራ አምስት ዓመትዋ ነው። አብልጣ የምትወዳት እኅትዋ ኾሌ ከባርጋሽ ወገን ስለ ነበረች፣ በፍቅር ተስባ ገባችበት። ያሳደጋትንና የወደዳትን ማጂድን ተወች። በአድመኞቹ መካከል የምትጽፍ እርስዋ ስለ ነበረች፣ ለየሹማምንቱ የሚላከውን የምስጢር ደብዳቤ ሁሉ ጻፈች፤ በግመል አጥንት ላይ በድብቅ የተማረችው ጽሕፈት ለመጀመሪያ ጊዜ ያገለገላት በገዛ ወንድምዋ ላይ መሆኑ ያሳዝናል። የማጂድ ወታደሮች የባርጋሽን ቤት በከበቡ ጊዜ ኾሌና ሳልሜ ከብዙ ሴቶች ጋር ተሸፋፍነው በሌሊት ገቡ፤ ባርጋሽንም የሴት ልብስ አልብሰው በዘበኞቹ መካከል አሳለፉት። ይሁን እንጂ እንግሊዞች ማጂድን ስለ ረዱት አድማው ፈረሰ፤ ባርጋሽም ተይዞ ወደ ቦምቤ ተጋዘ።

ማጂድ እኅቶቹን አልቀጣቸውም። ሳልሜ ግን አፍራ ወደ ገጠር ርስትዋ ሄዳ ብዙ ዘመን ተቀመጠች። በኋላ ከማጂድ ጋር በታረቀች ጊዜ ደግሞ ኾሌ ተቀየመቻት። ወደ ከተማ ስትመለስ እንግዲህ ከሁለቱም ወገን ልብዋ የቆሰለ ብቸኛ ነበረች። በቤትዋ ጎረቤት ሩዶልፍ ሃይንሪክ ሩዌተ የሚባል የሐምቡርግ ነጋዴ ይኖር ነበር። የሁለቱ ቤቶች ሰገነት ፊት ለፊት ስለ ሆነ ተያዩ፤ ተነጋገሩም፤ ከዚያም ተዋደዱ። በ1866 ሳልሜ ፀነሰች።

የንጉሥ ልጅ ከሌላ ሃይማኖት ሰው ፀንሳ በተገኘች ጊዜ ከሞት የሚያድናት አልነበረም። የእንግሊዝ ቆንሲል እንደራሴ የዶክቶር ሲዋርድ ሚስት አዝና ረዳቻት። በኦገስት 24 ቀን 1866፣ የስዋሂሊ ሕዝብ ለአዲስ ዓመት በባሕር ሊታጠብ በሚወርድበት ሌሊት፣ ሳልሜም እንደ ሌሎቹ ሴቶች የምትታጠብ መስላ ወደ ባሕሩ ወረደች፤ በጀልባም ሃይፍላየር ወደሚባለው የእንግሊዝ መርከብ ተወሰደች። መርከቡም ወደ ዓደን አደረሳት።

በዓደን ቀድሞ በምታውቃቸው በአንድ የእስጳንያ ሰውና በሚስቱ ቤት ተቀመጠች። ወንድ ልጅም ወለደች። ሩዌተ የንግዱን ሒሳብ ዘግቶ እስኪመጣ ድረስ ብዙ ወራት ጠበቀችው። በሜይ 30 ቀን 1867 በዓደን በእንግሊዞች ቤተ ክርስቲያን ተጠመቀች፤ ስምዋም ኤሚሊ ተባለ። በዚያው ቀን ጋብቻው ተፈጸመ፤ በዚያው ቀንም ወደ አውሮጳ ተሳፈሩ። ጥምቀትና ሰርግ መንገድም በአንድ ቀን! ትምህርቱ ምን ያህል ጥልቅ እንደ ነበረ ከዚህ መገመት ይቻላል። እርስዋም ራስዋ የቀድሞ ሃይማኖትዋን ትታ አዲሱን በልብዋ ሳታገኝ በመካከል እንደ ቀረች በኋላ በጻፈችው ደብዳቤ አልሸሸገችም። አስተምሮ ያላጠመቃት ሰው ጥፋት ከእርስዋ ጥፋት ይልቅ የሚከብድ ይመስላል። ሕፃኑ ልጅዋም ጀርመን ሳይደርሱ በመንገድ ሞተ።

በሐምቡርግ ሦስት ልጆች ወለደች፤ አንቶኒ በ1868፣ ሩዶልፍ ሰዒድ በ1869፣ ሮዛሊ በ1870 ተወለዱ። የመጨረሻዪቱ ልጅ አራት ወር ሳይሞላት፣ በኦገስት 1870፣ ባልዋ ከትራም ወድቆ ሞተ። ሳልሜ በሃያ አምስት ዓመትዋ፣ ቋንቋውን ገና ባልጠገበችበት አገር ከሦስት ሕፃናት ጋር ባልቴት ሆነች። ገንዘቡም አለቀ፤ ዓረብኛ እያስተማረች ከከተማ ወደ ከተማ ተዛወረች። በዚያው ዓመት በኦክቶበር ማጂድ ሞቶ ባርጋሽ በዘንጊባር ነገሠ።

ባርጋሽ አሥራ ስምንት ዓመት ያህል ገዛ። በ1873 እንግሊዞች አስጨንቀውት የዘንጊባርን የባሪያ ገበያ ዘጋ። በገንዘብ የተገዛች ሐበሻዊት የወለደችው ሡልጣን ሰው የሚሸጥበትን አደባባይ መዝጋቱ፣ በፈቃዱም ባይሆን፣ ሊታሰብ የሚገባው ነገር ነው።

በ1875 ባርጋሽ ወደ ሎንዶን መጣ። ሳልሜም ይህን ሰምታ ለመታረቅ ወደዚያው ሄደች። ቀድሞ የሴት ልብስ አልብሳ ከሞት ያወጣችው ወንድምዋ ነውና፣ ሊያያት እንደሚወድ ተስፋ አደረገች። ነገር ግን ሰር ባርትል ፍሬር የሚባለው የእንግሊዝ ሹም ወደ እርስዋ መጥቶ፣ ወንድምዋን ከማየት ብትታቀብ መንግሥቱ የልጆችዋን ትምህርት ይረዳል ብሎ አግባባት። እርስዋም ለልጆችዋ ስትል ወንድምዋን ሳታይ ቀረች። ባርጋሽ ወደ አገሩ ከሄደ በኋላ ግን የጀርመን ዜጋ ስለ ሆንሽ የሚረዳሽ የጀርመን መንግሥት ነው የሚል መልስ ተሰጣት።

ጀርመኖችም ቢሆኑ ከዚህ የተሻለ አላደረጉላትም። በ1885 ከዘንጊባር ፊት ለፊት ያለውን የአፍሪካ መሬት ለመያዝ በፈለጉ ጊዜ፣ የጦር መርከቦቻቸውን በዘንጊባር ወደብ አሰለፉ፤ ሳልሜንም ከልጆችዋ ጋር አድለር በምትባል መርከብ አምጥተው አቆሙአት። ክፉ ነገር ቢደርስባት ለጠብ ምክንያት ትሆናለች፤ ባይደርስባትም ሡልጣኑን ታስፈራለች ብለው ነው። ከአሥራ ዘጠኝ ዓመት በኋላ የተወለደችበትን አገር ረገጠች። ሕዝቡ በየመንገዱ ተሰብስቦ በደስታ ተቀበላት። ወደ ቤተል ምቶኒም ሄደች፤ ግቢው ግን ፈርሶ ሣር በቅሎበት አገኘችው። ባርጋሽ ፊትዋን ሊያይ አልወደደም። የጠየቀችውንም የሞቱ እኅቶችዋንና ወንድሞችዋን ውርስ ከለከላት፤ በእስልምና ሕግ ከሃይማኖት የወጣ ሰው ከእስላም ዘመዱ አይወርስምና። ስለ መሬቱ ለጀርመኖች ከተገዛላቸው በኋላ የእርስዋን ነገር የሚያነሣ ጠፋ። በ1888 ደግሞ ባርጋሽ ሞቶ ሌላው ወንድምዋ ኸሊፋ በነገሠ ጊዜ ዳግመኛ ሄደች፤ እንደ ሄደችም ባዶ እጅዋን ተመለሰች።

ታሪክዋን የጻፈችበት መጽሐፍ በ1886 በበርሊን ታተመ፤ «የአንዲት ዓረባዊት ልዕልት ማስታወሻ» የሚባለው ነው። በመጀመሪያ የጻፈችው ለልጆችዋ ነበር፤ እናታቸው ከምን ቤት እንደ ወጣች እንዲያውቁ። አውሮጳውያን ስለ ምሥራቅ ሴቶች ሳያውቁ የሚያወሩትን ታርማለች፤ የምግቡን፣ የልብሱን፣ የጾሙንና የለቅሶውን ሥርዓት ሳታጓድል ታስረዳለች። በአንድ ነገር ግን ሊመሰገን የማይችል ሐሳብ አላት፤ በምሥራቅ ያለው ባርነት አውሮጳውያን እንደሚሉት ጨካኝ አይደለም እያለች ትከራከራለታለች። የገዛ እናትዋን እንዴት እንደ ተዘረፈች በዚያው መጽሐፍ ውስጥ እያለቀሰች የጻፈች ሴት ይህን ማለትዋ ያስገርማል። በዚሁም ምክንያት የሐምቡርግ ሰዎች በ2019 አንድ አደባባይ በስምዋ ከሰየሙ በኋላ፣ በሚቀጥለው ዓመት ስሙን እንዲነሣ ወሰኑ።

ከሁለተኛው ጉዞ በኋላ በጀርመን መቀመጥ አልቻለችም። ዓረብኛ ወደሚሰማበት አገር ሄዳ በኢዮጴ፣ ቀጥሎም በቤይሩት እስከ 1914 ኖረች። ልጅዋ ሩዶልፍ ሰዒድ የአያቱን የሡልጣን ሰዒድን ታሪክ በእንግሊዝኛ ጽፎ በ1929 በሎንዶን አሳተመ፤ የእናቱንም ወረቀቶች በሆላንድ አገር በላይደን አስቀመጠ። ከእነዚያም መካከል በሐምቡርግ ስላሳለፈችው ችግር የጻፈቻቸው ደብዳቤዎች በ1993 በእንግሊዝኛ ታተሙ። በዘንጊባርም የቀድሞው የሡልጣኖች ቤተ መንግሥት የታሪክ ቤት በሆነ ጊዜ አንድ ክፍል ለመታሰቢያዋ ተለየላት።

ሳልሜ በፌብሩዋሪ 29 ቀን 1924 በየና ከተማ በሳንባ በሽታ ሞተች፤ ዕድሜዋ ሰባ ዘጠኝ ነበር። በሐምቡርግ በኦልስዶርፍ መቃብር በባልዋ ዘመዶች መቃብር ተቀበረች። ከዕቃዋ መካከል ከዘንጊባር ባሕር ዳር የተዘገነ አሸዋ በትንሽ ከረጢት ተቋጥሮ እንደ ተገኘ፣ እርሱንም ከሬሳዋ ጋር እንደ ቀበሩት ይነገራል።