መሪነት በዘር፣ በዕውቀት ወይስ በሹመት? የባግዳድ አይሁዶች ታሪክ

(በሬዲዮ ቀርቦ ለንባብ እንዲመች የተስተካከለ)

ቢስሚላሂ ረህማኒ ረሂም

 

ከጥቂት ጊዜ በፊት ከዒሻ ሰላት በኋላ አንድ ወጣት ጠጋ ብሎ፣ «ኡስታዝ፣ አይሁዶች ይህን ያህል ዘመን መንግሥትም ጦርም ሳይኖራቸው ሲኖሩ ማን ነበር የሚመራቸው?» ሲል ጠየቀን። በእርግጥም ወታደር የሌለው መሪ በምን ኃይሉ ያዛል? ግብር የማያስገድድ ሹም በምን ገንዘብ ይኖራል? ሲያጠፋስ ማን ይጠይቀዋል? እነዚህ ጥያቄዎች የአይሁዶች ብቻ አይደሉም። መስጂድ፣ መድረሳ ወይም ዕድር ያለው ሁሉ ይመለከቱታል። ስለዚህ በዛሬው ፕሮግራማችን አብዛኛው በሙስሊሞች አስተዳደር ሥር ያለፈውን ይህን ታሪክ በአጭሩ እንቃኛለን፣ ኢንሻአላህ።

ከካህኑ ወደ ሊቁ

በጥንቱ ዘመን የአይሁዶች መሪነት በነገሥታትና በካህናት እጅ ነበር። ካህንነት በዘር የሚወረስ ሲሆን ሥራውም በኢየሩሳሌሙ ቤተ መቅደስ የተወሰነ ነበር። እ.ኤ.አ. በ70 ሮማውያን ቤተ መቅደሱን ሲያፈርሱ ካህኑ ያለ ሥራ ቀረ። በዚያ ጭንቅ ወቅት ዮሐናን ቤን ዘካይ የተባለ ሊቅ ያቭኔ በምትባል ትንሽ ከተማ ተማሪዎችን ሰበሰበ። የፈረሰውን ሕንፃ መሥራት አይቻልም፤ ሕጉን መማርና ማስተማር ግን ይቻላል። መሪነት ከመሠዊያው ወደ መማሪያው ክፍል የተሻገረው በዚህ ጊዜ ነው ማለት እንችላለን።

ከዚያ በኋላ በፍልስጤም ምድር «ናሲ» የሚባሉ አለቆች በሮም ነገሥታት ዕውቅና ሕዝባቸውን መርተዋል። ከነዚህ አንዱ ይሁዳ በ200 አካባቢ «ሚሽና» የተባለውን የሕግ መድበል አዘጋጀ። የናሲው ሹመት ግን በአምስተኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ላይ ከሰመ። የአይሁዶች ማዕከል አስቀድሞም ወደ ዒራቅ ማጋደል ጀምሮ ነበር።

የምርኮኞች አለቃ

በዒራቅ የነበረው መሪ «ሬሽ ጋሉታ» ይባላል። «የምርኮኞች አለቃ» ማለት ነው። ዐረቦች «ረእሱል ጃሉት» ይሉታል። ይህ ቤተሰብ ዘሩን የሚቆጥረው ከዒሳ (ዐ.ሰ) ልደት በፊት በ597 ናቡከደነፆር ማርኮ ወደ ባቢሎን ከወሰደው ከይሁዳ ንጉሥ ከዮአኪን፣ በእርሱም በኩል እስከ ነቢዩ ዳውድ (ዐ.ሰ) ነበር። በፋርስ ነገሥታት ዘመን በሹመት ቆየ። በ630ዎቹና በ640ዎቹ ዒራቅ በሙስሊሞች እጅ ስትገባም ቡስታናይ የተባለው የቤተሰቡ ሰው በአለቅነቱ እንዲቀጥል ተደረገ።

ሙስሊሞች የአይሁድ ማኅበረሰብ በራሱ ሕግ እንዲዳኝ መፍቀዳቸው አዲስ ነገር አልነበረም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) መዲና በገቡ ጊዜ በተጻፈው ሰነድ የመዲና አይሁዶች በሃይማኖታቸው እንደሚቆዩ ሰፍሮ እናገኛለን። በዒራቅም ጋብቻቸው፣ ፍቺያቸውና ውርሳቸው የሚታየው በራሳቸው ዳኞች ነበር።

ከአለቃው ጎን ሌላ ሥልጣን ነበር። እርሱም የሁለቱ ታላላቅ መማሪያዎች፣ የሱራና የፑምበዲታ ኃላፊዎች ሥልጣን ነው። «ጋኦን» ይባላሉ። አለቃው ክብሩን ከዘሩ ሲያገኝ ጋኦኑ ከዕውቀቱ ያገኛል። በዓመት ሁለት ወር ከየአገሩ የመጡ ተማሪዎች በፊታቸው ተሰብስበው ይማሩ ነበር። ደረሳ ስንቁን ይዞ ሸኹን ፍለጋ እንደሚሄደው ማለት ነው። ከግብፅ፣ ከቀይረዋን፣ ከአንደሉስ ሳይቀር የሕግ ጥያቄዎች ከስጦታ ጋር ይላኩላቸዋል፤ መልሱም በነጋዴ ቅፍለት ይመለሳል። የፑምበዲታው ጋኦን ሸሪራ በ987 ለቀይረዋን ሰዎች በላከው ረጅም ደብዳቤ ሕጉ ከየትኛው መምህር ወደ የትኛው እንደተላለፈ ስም በስም ዘርዝሯል። እኛ ሰነድ የምንለውን ዓይነት ነገር ነው።

ታዲያ አንድ ሕዝብ ሁለት ራስ ሲኖረው ያለ ጠብ አይቀርም። በኸሊፋ አል-መንሱር ዘመን ዓናን ኢብን ዳውድ የተባለ የአለቃው ቤተሰብ አባል ሹመቱ ወደ ወንድሙ በመሄዱ ተጣልቶ እንደወጣ፣ የእርሱ ተከታዮችም ኋላ ቀራኢ ከተባለው ክፍል ጋር እንደተቀላቀሉ ይነገራል። ቀራኢዎች የሊቃውንቱን ቃላዊ ሕግ ሳይቀበሉ ተውራትን ብቻ እንከተላለን የሚሉ ናቸው። ዓናን በእስር ቤት ኢማም አቡ ሐኒፋን አግኝቶ ምክር ተቀበለ የሚል ወሬም አለ። ግን ዘግይቶ የተጻፈ ወሬ ስለሆነ እንደ እውነት ልንይዘው አይገባም።

በ825 አካባቢ ደግሞ ሁለት ሰዎች በአለቅነቱ ላይ ሲጣሉ ጉዳዩ ኸሊፋ አል-መእሙን ዘንድ ደረሰ። ኸሊፋው የሰጠው ውሳኔ የሚገርም ነው። ከአይሁድ፣ ከክርስቲያን ወይም ከመጁስ አሥር ሰዎች ብቻ ተስማምተው መሪ ቢመርጡ ማንም አይከለክላቸው አለ። በዚህ ጊዜ የአለቃው ቤት ተናወጠ። መንግሥት ካልደገፈው አለቃው የሚቆመው ሕዝቡ ሲፈልገው ብቻ ነውና።

አንዲት ፊርማ ያስነሳችው ጠብ

ውድ አድማጮቻችን! ከዚህ ሁሉ ታሪክ ውስጥ በጣም የሚያስተምረን በ930 ገደማ በባግዳድ የሆነው ነው። በጊዜው አለቃው ዳውድ ኢብን ዘካይ ይባል ነበር። የሱራ መማሪያ ተዳክሞ ስለነበር በ928 ከግብፅ ፈዩም የመጣውን ሰዓድያን ጋኦን አድርጎ ሾመው። ሰዓድያ በዐረብኛ ስሙ ሰዒድ ኢብን ዩሱፍ አል-ፈዩሚ ይባላል። ተውራትን ወደ ዐረብኛ የመለሰ፣ በዐረብኛም «ኪታብ አል-አማናት ወል-ኢዕቲቃዳት» የተባለውን መጽሐፍ የጻፈ ታላቅ ሊቅ ነው።

ሁለት ዓመት ሳይሞላ አንድ የውርስ ጉዳይ መጣ። ንብረቱ ብዙ ነው። ከንብረቱም አንድ አሥረኛው ለአለቃው እንዲሰጥ ስምምነት ነበር። አለቃው ፍርዱን ጽፎ ፈረመና ሁለቱ ጋኦኖች እንዲያጸኑት ላከው። የፑምበዲታው ጋኦን ፈረመ። ሰዓድያ ግን ወረቀቱን አንብቦ ፍርዱ ትክክል አይደለም አለና አልፈርምም አለ። አለቃው ልጁን ደጋግሞ ላከበት። በመጨረሻ ልጁ እመታሃለሁ ብሎ ዛተ። በቦታው የነበሩት ሰዎች ጎትተው አስወጡት።

አስቡት! የሾመው ሰው ነው ፈርም ያለው። አለቃው ሰዓድያን አውግዞ በቦታው ሌላ ጋኦን ሾመ። ሰዓድያም በተራው አለቃውን አወገዘና ወንድሙን አለቃ አድርጎ ሾመ። ባግዳድ ለሁለት ተከፈለ። የነጢራ ልጆች የተባሉት ባለ ባንኮች ከሰዓድያ ጋር ቆሙ። ኢብን ሰርጃዶ የተባለው ሀብታም ነጋዴ ደግሞ ሰዓድያን ለማስወገድ ስልሳ ሺህ ድርሃም ማውጣቱ ተጽፏል። ሙግቱ ኸሊፋው ግቢ ድረስ ደረሰ። ገንዘብ ሲናገር ሕግ ዝም ይላል እንዲሉ፣ ሰዓድያ ለዓመታት ከሥልጣኑ ርቆ ተቀመጠ። ያን ዝነኛ መጽሐፉን የጻፈው በዚህ የመገለል ዘመን ነው።

በመጨረሻ ቢሽር የተባለ የተከበረ ሽማግሌ ገባበት። ቢሽር የኢብን ሰርጃዶ አማት ቢሆንም ለወገን አላዳላም። ይህ ጠብ ሕዝቡን እየበላው ነው ብሎ ሁለቱን ለየብቻ አናገረ። በ937 አለቃውና ጋኦኑ ተቃቅፈው ታረቁ። የሚገርመው ደግሞ ቀጥሎ ያለው ነው። ዳውድ በ940 አካባቢ ሞተ፤ ያ የዛተው ልጁም ብዙ ሳይቆይ ተከተለው። ወላጅ አልባ የቀረውን የልጅ ልጅ ወስዶ ያሳደገው ማን መሰላችሁ? ሰዓድያ ነው!

ይህን ታሪክ ስናነብ የራሳችንን ጥፋት አስታወሰን። ኢማምነት በጀመርንባቸው ዓመታት ሁለት ወንድማማቾች የአባታቸውን ውርስ የተካፈሉበትን ወረቀት ይዘው መጡ። «ሁሉም ተስማምቷል፣ የቀረው የርስዎ ፊርማ ብቻ ነው» አሉን። ለመስጂዱ ብዙ የሚረዱ ሰዎች ስለነበሩ አፈርንና ፈረምን። ከወር በኋላ እህታቸው መጣች። ድርሻዋ ወረቀቱ ላይ የለም። አልተቆጣችም፣ አልጮኸችም። «ኡስታዝ፣ አንብበውት ነበር?» አለችን ብቻ። መልስ አልነበረንም። ያን ወረቀት ለማስቀየር ሰባት ወር ፈጀብን፤ ጥያቄዋ ግን እስከ ዛሬ አብሮን አለ።

ሐኪሙ መሪ

የባግዳድ አለቅነት ከዚያም በኋላ አልጠፋም። በ1160ዎቹ መጨረሻ ገደማ ባግዳድን የጎበኘው ቢንያሚን የተባለው የስፔን አይሁዳዊ መንገደኛ፣ አለቃው ዳንኤል በፈረሰኞች ታጅቦ ወደ ኸሊፋው ሲሄድ፣ መንገድ ልቀቁ እየተባለ ይታወጅለት እንደነበር ጽፏል። ነገር ግን ያን ጊዜ ክብደቱ ወደ ግብፅ እያመዘነ ነበር።

በካይሮ አጠገብ በፉስጣጥ የአይሁዶች መሪ «ረኢሱል የሁድ» ይባላል። ከነርሱ ዝነኛው ሙሳ ኢብን መይሙን ነው። በቁርጡባ ተወልዶ፣ ከሙወሒዶች ግፊት ሸሽቶ በፋስ በኩል ወደ ግብፅ መጣ። የሚያስተዳድረው ነጋዴ ወንድሙ በሕንድ ውቅያኖስ ሰጥሞ ሲሞት በሕክምና መኖር ጀመረ። በሃይማኖት ትምህርት ገንዘብ መቀበልን አጥብቆ ይነቅፍ ነበር። በ1199 በጻፈው ደብዳቤ ውሎውን ሲገልጽ፣ ጠዋት ካይሮ ቤተ መንግሥት ይሄዳል፤ ከቀትር በኋላ ተርቦ ሲመለስ ሙስሊሙም አይሁዱም በሽተኛ ደጁን ሞልቶ ይጠብቀዋል። እጁን ታጥቦ በቀን አንዴ የሚበላትን ምግብ እስኪቀምስ እንዲታገሡት ይለምናቸዋል። በሰንበት ደግሞ ጉባኤው መጥቶ የሳምንቱን ጉዳይ ይመክራል። በ1204 ሲሞት ልጁ ኢብራሂም ተተካ፤ መሪነቱም በዘሩ ለትውልዶች ቆየ።

በፉስጣጥ ምኩራብ ተከማችተው የተገኙት አሮጌ ወረቀቶች የዚያ መሪነት ጥንካሬ ከየት እንደነበረ ያሳያሉ። ለድኾች የታደለ ዳቦ ዝርዝር፣ የባሕር ወንበዴ የማረካቸውን ለማስለቀቅ የተሰበሰበ መዋጮ፣ የባልቴቶች አቤቱታ ይገኙባቸዋል። ሕዝቡ የሚታዘዘው በችግሩ ጊዜ ለሚደርስለት ነበር።

የአገራችን ቤተ እስራኤሎች

የዚህ ታሪክ አንድ ጫፍ ወደ እኛም ይመጣል። የጎንደር ቤተ እስራኤሎች ከባግዳድ መማሪያዎች ርቀው ስለኖሩ ታልሙድ አልደረሳቸውም። የሚመሯቸው ኦሪትን በግዕዝ የሚያነቡ ቄሶቻቸውና መነኮሳታቸው ነበሩ። በ1984 እና በ1985 በሱዳን በኩል ብዙዎቹ እስራኤል ሲገቡ የአገሩ ረቢዎች ለጋብቻ ሲባል የመንጻት ሥርዓት ፈጽሙ አሏቸው። በ1985 በኢየሩሳሌም የረቢዎቹ ጽሕፈት ቤት ፊት ለፊት ለሳምንታት ተቀምጠው ተቃወሙ። በአገራቸው ያገቡ፣ ያፋቱ፣ ያስታረቁ ቄሶች በአዲሱ አገር ሥልጣናቸውን ተነፈጉ። መሪነትን የሚሰጠው የሥልጣን ወረቀት ነው ወይስ የሕዝብ አመኔታ? የባግዳዱ ጥያቄ ከሺህ ዓመት በኋላ እንደገና ተነሳ።

ማጠቃለያ

ውድ አድማጮቻችን! ለዚያ ወጣት የሰጠነው መልስ ይህ ነው። ዘር ክብርን ይሰጣል፣ ሹመት ወንበርን ይሰጣል፣ ገንዘብ ደጋፊን ያበዛል። ሕዝብን በአንድነት ያቆየው ግን አንብቦ የሚፈርም፣ ካላመነበት የሾመውንም እምቢ የሚል ዳኛ፣ ሲጣሉ ለወገኑ ሳያዳላ የሚያስታርቅ ሽማግሌ፣ የድኻውንም ዳቦ የሚቆጥር መሪ ነው። መሪነት አማና መሆኑ ለእኛ የተነገረ ነገር ነው።

በየቤታችሁ አንድ ነገር አደራ እንላለን። የውርስ ወረቀት ይዛችሁ ወደ ኢማማችሁ ስትሄዱ አታስቸኩሉት። ቁጭ ብሎ ያንብበው። እህቶቻችሁም አብረው ይቀመጡ። አልፈርምም ካላችሁም አትቀየሙት፤ ምናልባት ከፈራሚዎቹ ሁሉ የሚወዳችሁ እርሱ ይሆናል።

አላህ (ሱ.ወ) አማናችንን ለመወጣት ያግዘን። ወሰላሙ ዐለይኩም ወረህመቱላሂ ወበረካቱሁ።