ሁለቱ ከብቶች ለምን ሰመጡ?

ነገሩ የሆነው በ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጨረሻ አካባቢ፣ አሜሪካ ውስጥ አሪዞና ነው። አንድ የከብት ማድለቢያ አዲስ የመንከሪያ ገንዳ አሠርቶ ሥራ ሊያስጀምር ነው። የመንከሪያ ገንዳ መድኃኒት የተቀላቀለበት ውሃ የሚሞላ ረጅም ጉድጓድ ነው፤ ከብቶቹ ተራ በተራ ገብተው እየዋኙ ሲወጡ እከክ የሚያመጡባቸው ተባዮች ይሞታሉ።

የድሮዎቹ ገንዳዎች መግቢያቸው ሸርተቴ ነበር። ከብቱ ተንሸራትቶ ውሃው ውስጥ ይወድቃል፣ ይደነግጣል። አዲሱን ገንዳ የነደፈችው ወጣት ቴምፕል ግራንዲን ግን በመጀመሪያ አንድ ነገር ጠየቀች፦ እኔ ከብቱን ብሆን ምን ያስፈራኛል? መልሷ ውሃው ሳይሆን መንሸራተቱ ነበር።

ስለዚህ መግቢያውን በ25 ዲግሪ የሚወርድ ኮንክሪት አደረገችው፤ ሰኮናው እንዳያንሸራትት ደግሞ ጠለቅ ያሉ መስመሮች አወጣችበት። መግቢያው ቀስ እያለ ውሃው ውስጥ የሚዘልቅ ይመስላል፤ ከውሃው ሥር ግን ድንገት ያልቃል። ከብቱ እየተራመደ ሄዶ ሳያስበው መዋኘት ይጀምራል።

ሠራተኞቹ ግን ከብት ወዶ ውሃ ይገባል ብለው አላመኑም። ኮንክሪቱ ላይ ላሜራ አነጠፉበት። በቃ፣ መግቢያው ተመልሶ ሸርተቴ ሆነ! ከብቶቹ ተሸበሩ፤ ሁለቱ ወደ ኋላ ተገልብጠው ሰመጡ። ላሜራው ሲነሳ የቀሩት ረጋ ብለው ገቡ።

ግራንዲን ይህን እንዴት አወቀች? ኦቲዝም ያለባት ሴት ናት፤ የምታስበው በቃላት ሳይሆን በምስል እንደሆነ ትናገራለች። ጠባብ የከብት መተላለፊያዎች ውስጥ ራሷ እየገባች፣ በከብት ዓይን ቁመት ልክ ጎንበስ ብላ ፎቶ ታነሳ ነበር። ከብቱን ቀጥ አድርጎ የሚያቆመው የተንጠለጠለ ሰንሰለት፣ አጥር ላይ የተሰቀለ ኮት ወይም መሬት ላይ ያረፈ ጥላ ሆኖ አገኘችው።

ምክንያቱ ግልጽ ነው። የከብት ዓይኖች በጭንቅላቱ ግራና ቀኝ ስላሉ፣ ልክ ከኋላው ካለው ቦታ በቀር ዙሪያውን በሙሉ ማለት ይቻላል ያያል። የመሸሻ ክልልም አለው፤ ሰው ወደዚያ ክልል ሲገባ ይርቃል። ከትከሻው ኋላ ብትቆሙ ወደፊት ይሄዳል፣ ከትከሻው ፊት ብትቆሙ ወደ ኋላ ይላል። ይህን ለሚያውቅ ሰው ዱላ ብዙም አያስፈልገውም።

ታዲያ ይሄ ለሐኪሙ ምን ይጠቅመዋል? የፈራ ከብት ልቡ ቶሎ ቶሎ ይመታል፣ የሰውነቱ ሙቀትም ይጨምራል። ሐኪሙ በዚያ ሰዓት ቢለካው ፍርሃቱን ሕመም ነው ብሎ ሊሳሳት ይችላል። አንዴ የተሸበረ ከብት እስኪረጋጋ ደግሞ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይፈጅበታል።

እኔ የተማርኩት ምህንድስና ነው። እኛ ዘንድ ማሽን እምቢ ሲል አንመታውም፤ የት ጋ እንደተያዘ እንፈልጋለን። እናንተም ከብት ሲከተብ ካያችሁና አንዱ አልሄድም ካለ፣ ዱላ ከመነሳቱ በፊት እስቲ ጎንበስ ብላችሁ ፊት ለፊቱ ያለውን እዩለት።