ንጋት በኮረም
ከቪዲዮ ምስል የወጣ ፎቶግራፍ፣ ጥቅምት 1977 ዓ.ም.
ካሜራ፦ መሐመድ አሚን (1935–1989 ዓ.ም.)

ጎህ ሲቀድ ነው። ካሜራው አይቸኩልም፤ በብርድና በጭስ መካከል ጋቢና ብርድ ልብስ ተከናንበው መሬት ላይ የተኮራመቱትን ሰዎች ቀስ እያለ ይቃኛል። ወደ ሰቆጣ የሚወስደው መንገድ ከኮረም ይገነጠላልና፣ ረሃብ ሸሽተው ከዋግ ተራሮች የወረዱ ብዙ ቤተሰቦች እዚህ ሜዳ ላይ ነበሩ።

የናይሮቢ ተወላጁ አሚን ይህን ሲቀርጽ አብሮት የነበረው ጋዜጠኛ የቢቢሲው ማይክል በርክ ነው። ዘገባው ጥቅምት 13 ቀን 1977 ለንደን ላይ ታየና ዓለምን አዳረሰ፤ በተከታዩ ሐምሌ የተካሄደው የላይቭ ኤይድ ኮንሰርትም የዚሁ ውጤት ነው። ምስሉ ረሃቡን እንጂ በወቅቱ ይካሄድ የነበረውን ጦርነት አያሳይም፤ ላየው ሰው ጥፋቱ ሁሉ የዝናብ ይመስላል።

ግንቦት 27 ቀን 1983 አዲስ አበባ ውስጥ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ አሚን ግራ እጁን አጣ፤ የድምፅ ባለሙያው ጆን ማታይ እዚያው ሞተ። አሚን ግን ሰው ሠራሽ ክንድ አስገጥሞ ወደ ካሜራው ተመለሰ። ኅዳር 14 ቀን 1989 ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ የተሳፈረበት የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ተጠልፎ ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ ሲወድቅ ሕይወቱ አለፈ።