ሐምዛን የሆነው ግብፃዊ

«አር-ሪሳላ»ን ያላየ አለ? ጀሞ ተቀመጡ ለቡ፣ በሆነ ረመዳን አንድ ሰው ቤት ተከፍቶ ሳያጋጥማችሁ አይቀርም። ቀስቱን እንደያዘ ከአደን ተመልሶ አቡ ጀህልን የሚጋፈጠውን ሐምዛን (ረ.ዐ) ታስታውሳላችሁ። ያያችሁት ዐረብኛውን ከሆነ፣ ያ ሰው ግብፃዊው ተዋናይ ዐብዱላህ ጋይስ ነው።

ዐብዱላህ እ.ኤ.አ በ1930 በግብፅ የሸርቂያ ገጠር ተወለደ። ታላቅ ወንድሙ ሐምዲ ቀድሞት ቲያትር ገብቶ ነበር፤ እሱም ተከተለው። በ1964 «አድሀም አሽ-ሸርቃዊ» ላይ መሪ ተዋናይ ሆነ። በዓመቱ ደግሞ «አል-ሐራም» በተሰኘው ፊልም የፋቲን ሐማማን በሽተኛ ባል ሆኖ ተጫወተ።

ከዚያ ሶሪያ የተወለደው ዳይሬክተር ሙስጠፋ አል-ዐቃድ መጣ። ዐቃድ አንድን ታሪክ ሁለት ጊዜ ነው የቀረጸው፤ በእንግሊዝኛው ሐምዛን አንቶኒ ኩዊን፣ በዐረብኛው ዐብዱላህ ሆኑ። ቀረጻው ሞሮኮ ላይ ተጀምሮ መሀል ላይ ሲከለከል ወደ ሊቢያ ተዛወረ። በ1976 ለእይታ በቃ።

በዐረብኛው አቡ ሱፍያንን የሆነው ማን ይመስላችኋል? ሐምዲ ጋይስ! የኡሑድን ትዕይንት ደግማችሁ ስታዩ ልብ በሉ፤ የአንድ እናት ልጆች ናቸው ከወዲያና ከወዲህ የተሰለፉት። (በዚያ ዘመቻ ሐምዛን በጦር የገደለው ወሕሺ ሐበሻ ነበር። ነጃሺንና ቢላልን ስናነሳ እሱን እንዘላለን፤ በኋላ ግን እሱም ሰልሟል።)

ፊልሙ የረሱልን (ሰ.ዐ.ወ) መልክም ድምፅም አያሳይም። ለአል-አዝሀር ዑለማዎች ግን ይህ አልበቃቸውም፤ የነብዩን አጎት ተዋናይ መሆኑን ተቃወሙ። ግብፅም ፊልሙን ከለከለች። በመሆኑም ዐብዱላህ በዓለም የታወቀበት ሥራ በገዛ አገሩ ሲኒማ ቤቶች አልታየም።

ብዙ ወጣት ይህን ሲሰማ «አክራሪነት ነው» ብሎ ያልፈዋል። ቆይ ግን፣ ሲራ ስታነቡ ሐምዛ ሲባል በዓይነ ኅሊናችሁ የሚመጣው ማን ነው? የዐብዱላህ ፂምና ዓይን አይደለም? ዑለማዎቹ የፈሩት ይህንኑ ነው። በሌላ በኩል፣ የሐምዛን ስም መጀመሪያ ከዚህ ፊልም የሰማ ስንት ልጅ አለ! ጃዕፈር ነጃሺ ፊት ቆሞ ሱረቱ መርየምን የሚያነብበትን ትዕይንት አይቶ፣ «ይህ እኮ የኛ አገር ነው» ብሎ ሲራ ፍለጋ የወጣም አለ። እኔ ሁለቱንም ወገን እረዳለሁ፤ አንዱን ለመጣል ግን አልደፍርም።

ዐብዱላህ «ዚኣብ አል-ጀበል» የተሰኘውን ተከታታይ ድራማ እየሠራ ሳለ በካንሰር ታመመ። ሳይጨርሰው መጋቢት 1993 ላይ ሞተ፤ 63 ዓመቱ ነበር። ሐምዲ እስከ 2006 ኖረ።