ባድ ስፔንሰር፦ ከዋናና ከባዕድ አገር ሥራ በኋላ በ38 ዓመቱ ታዋቂ የሆነው ተዋናይ

ጺማም፣ ግዙፍ፣ ዓይኑን ጨፈን የሚያደርግ፣ ሰው ሲያናድደው ደግሞ አናቱን በቡጢ ብሎ ቁጭ የሚያደርግ ፈረንጅ በቴሌቪዥን አይታችሁ ከሆነ እሱ ባድ ስፔንሰር ነው። ብዙ ሰው አሜሪካዊ ይመስለዋል፤ ግን ጣሊያናዊ ነው። ከፊልሙ በላይ የሚገርመው ታዋቂ ከመሆኑ በፊት የኖረው ሕይወት ነው።

ባጭሩ

ትክክለኛ ስም፦ ካርሎ ፔደርሶሊ
የተወለደው፦ ኦክቶበር 31 ቀን 1929፣ ናፖሊ፣ ጣሊያን
ያረፈው፦ ጁን 27 ቀን 2016፣ ሮም፣ በ86 ዓመቱ
የሚታወቅበት፦ የካውቦይና የድብድብ ቀልድ ፊልሞች
ቤተሰብ፦ ባለቤቱ ማሪያ አማቶ፣ ሦስት ልጆች
(ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ልጅነቱና ዋናው

ካርሎ የተወለደው ኑሮው ደህና ከሆነ የናፖሊ ቤተሰብ ነው። በ1940 ቤተሰቡ ወደ ሮም ሄደ። እሱም በ17 ዓመቱ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ኬሚስትሪ መማር ጀመረ፤ ግን በ1947 ቤተሰቡ ኑሮ ፍለጋ ወደ ደቡብ አሜሪካ ሲሄድ ትምህርቱን አቋርጦ አብሮ ሄደ። ብራዚል ውስጥ ሬሲፌ በምትባል ከተማ በጣሊያን ቆንስላ ተቀጥሮ ሠርቷል።

ወደ ጣሊያን ሲመለስ በዋና ስሙ ወጣ። በ1950 100 ሜትር ነፃ ቀዘፋን በ59.5 ሰከንድ ዋኝቶ ከአንድ ደቂቃ በታች የገባ የመጀመሪያው ጣሊያናዊ ሆነ። በ1951 ደግሞ እዚሁ ግብፅ፣ አሌክሳንድሪያ ላይ በተደረገው የሜዲትራኒያን ጨዋታ የብር ሜዳሊያ አገኘ። በ1952 ሄልሲንኪና በ1956 ሜልቦርን ኦሎምፒክ አገሩን ወክሎ ሄዶ በሁለቱም ግማሽ ፍጻሜ ደርሷል።

በዚያው ጊዜ ሰውነቱን አይተው ፊልም ላይ ያስገቡት ነበር። ግን ትንሽ ትንሽ ቦታ ነው፤ በ1951 በወጣው ኩዎ ቫዲስ በተባለው ትልቅ ፊልም ላይ ከንጉሡ ጠባቂዎች አንዱ ሆኖ ታይቷል። ሥራዬ ብሎ የያዘው ነገር አልነበረም።

እንደገና ባዕድ አገር

በ1957 የስፖርቱን ዝና ጥሎ ተመልሶ ደቡብ አሜሪካ ሄደ። የኦሎምፒክ ዋናተኛ የነበረ ሰው አህጉሩን በሚያቋርጠው የፓን አሜሪካ መንገድ ሥራ ላይ ተቀጠረ። ከዚያ ቬኔዝዌላ፣ ካራካስ ውስጥ አልፋ ሮሜዮ በሚባለው የመኪና ድርጅት ሠራ። በ1960 ተመልሶ ማሪያን አገባ።

አባቷ ጁሴፔ አማቶ የታወቀ ፊልም አሠሪ ነበር። ግን ካርሎ በአማቹ በኩል ኮከብ አልሆነም። ዘፈን ጻፈ፣ ለጣሊያን ቴሌቪዥን ዘጋቢ ፊልም አዘጋጀ። እንዲህ እያለ ሰባት ዓመት አለፈ።

ስሙን የቀየረው ፊልም

በ1967 ዳይሬክተሩ ጁሴፔ ኮሊዚ ለካውቦይ ፊልም ግዙፍ ሰው ፈለገና ካርሎን ወሰደው። ፊልሙ «እግዚአብሔር ይምራል፣ እኔ ግን አልምርም» እንደማለት ነው። ሁለተኛው መሪ ተዋናይ እግሩን ስለተጎዳ በቦታው ማሪዮ ጂሮቲ የሚባል ወጣት ገባ። ይሄ አጋጣሚ ነው እንግዲህ ጥንዶቹን የፈጠረው።

በዚያ ጊዜ ጣሊያኖች የካውቦይ ፊልም ሲሠሩ የአሜሪካ ስም ይጠቀሙ ነበር፤ ፊልሙ በውጭ እንዲሸጥ ነው። ማሪዮ «ቴሬንስ ሂል» ተባለ። ካርሎ ደግሞ «ባድ» የሚለውን ከሚወደው ቢራ ከባድዋይዘር፣ «ስፔንሰር» የሚለውን ከሚያደንቀው አሜሪካዊ ተዋናይ ከስፔንሰር ትሬሲ ወሰደ።

ትልቁ ዝና የመጣው በ1970 በወጣው የመጀመሪያው ትሪኒቲ ፊልም ነው። ከዚያ በፊት የጣሊያን ካውቦይ ፊልም ግድያ የበዛበት ነበር። ትሪኒቲ ግን ሽጉጡን ወደ ጥፊና ወደ ቡጢ፣ ደሙን ወደ ሳቅ ለወጠው። ሂል ቀጭኑ፣ ፈጣኑ፣ አታላዩ ነው፤ ስፔንሰር ነገር የሰለቸው፣ «ተዉኝ» የሚል፣ ካልተዉት ግን የማይምር። ሁለቱ አብረው ከ15 በላይ ፊልም ሠርተዋል፤ የመጨረሻው በ1994 የወጣ ነው።

ለብቻውም ብዙ ሠርቷል። ከ1973 ጀምሮ «ፒየዶኔ» (ትልቅ እግር እንደማለት) በሚል ስም የናፖሊ ፖሊስ ሆኖ አራት ፊልም ሠራ። የመጨረሻው፣ በ1980 የወጣው፣ ታሪኩ ግብፅ ውስጥ ነው።

ድምፁ የማን ነው?

ይህን ብዙ ሰው አያውቅም፦ በአብዛኞቹ ፊልሞቹ በጣሊያንኛም ሲናገር የምንሰማው ድምፅ የሱ አይደለም፤ ግላውኮ ኦኖራቶ የሚባል ተዋናይ ነው። የካርሎ አነጋገር የናፖሊ ዘዬ ስላለው ሌላ ሰው ድምፅ ያለብስለት ነበር። በስም ሌላ፣ በድምፅ ሌላ፤ ፊቱና ቡጢው ብቻ የራሱ።

በኋላ

አውሮፕላን ማብረር ተምሮ ፈቃድ አወጣ፤ ሚስትራል ኤር የሚባል አየር መንገድም አቋቋመ። በ2003 ኤርማኖ ኦልሚ ከሚባለው ትልቅ ዳይሬክተር ጋር ሠራ። በ2010 ከቴሬንስ ሂል ጋር የጣሊያንን ትልቁን የፊልም ሽልማት፣ ዳቪድ ዲ ዶናቴሎን፣ ለዕድሜ ልክ ሥራቸው ተቀበሉ። ጀርመን ውስጥ የመዋኛ ገንዳ በስሙ ተሰይሟል፤ ቡዳፔስት ላይ ደግሞ ሐውልት ቆሞለታል።

ለእኛስ?

እውነቱን እንናገር፤ የሱ ስደትና የኛ አንድ አይደለም። ቤተሰቡ ደህና ነበር፣ ሲፈልግም አገሩ ይመለስ ነበር። የኛን ሥራና የኛን ውል ከሱ ጋር ማወዳደር አይቻልም። ግን አንድ ነገር አለ። ብዙዎቻችን 27፣ 28 ሲሞላን «በቃ አለፈኝ፣ ዕድሜዬ ሰው ቤት አለቀ» እንላለን። እሱ በዚያ ዕድሜው የሰው አገር መንገድ ሥራ ላይ ነበር። ትሪኒቲ ሲወጣ 41 ሞልቶታል። እስከዚያ የሠራው ሁሉ ደሞ ባክኖ አልቀረም፤ ፊልም ላይ የፈለጉት በዋና የገነባውን ያንኑ ግዙፍ ሰውነት ነው። እኛም የተማርነው ቋንቋ፣ ባልትና፣ የልጅና የአረጋዊ እንክብካቤ ዋጋ ያለው ነገር ነው።

ማየት ለምትፈልጉ፦ አንዱ ፊልም በየአገሩ የተለያየ ስም ስላለው በፊልሙ ስም ሳይሆን በሁለቱ ተዋናዮች ስም ፈልጉ። ለመጀመር ትሪኒቲ ይሻላል። ድብድቡ ቀልድ ነው፣ ቋንቋውን ባትሰሙም ያስቃል። ከልጆች ጋር የምታዩ ከሆነ ግን ቡጢውን እርስ በርስ እንዳይሞክሩት ቀድማችሁ ንገሯቸው።