ዳንሱን ዋጥ ያደረገው ኮሜዲያን

አሜሪካውያን ባዲ ኤብሰንን የሚያውቁት ባርኔጣው የተጨማደደ፣ ከመናገሩ በፊት ቆም ብሎ የሚያስብ የገጠር ሰው ሆኖ ነው። ያ ገጸ ባሕርይ ሲደርሰው ግን 54 ዓመቱ ነበር። ወደ ሙያው ያስገባው እግሩ ነው።

በ1908 ኢሊኖይ ውስጥ ተወለደ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። አባቱ የዳንስ ትምህርት ቤት ነበራቸው፤ የልጁ ሐሳብ ግን ሕክምና ላይ ነበር። ፍሎሪዳ ውስጥ የመሬት ዋጋ ጣራ ነክቶ ሲፈርስ የቤተሰቡም ኪስ አብሮ ተራቆተ። ኤብሰን ኮሌጁን ትቶ በ1928 ኒውዮርክ ገባና «ዉፒ» በተሰኘው የብሮድዌይ ሙዚቃዊ ተውኔት ከአጃቢ ዳንሰኞች አንዱ ሆነ። ቀጥሎ ከእህቱ ከቪልማ ጋር ተጣምሮ መድረክ ለመድረክ ዞረ። በ1936 ከሕፃኗ ሸርሊ ቴምፕል ጋር ሲደንስ በፊልም ላይ ያየው ሰው ሳቅ የሚጭረው ምን እንደሆነ ይገባዋል፦ ያ ሁሉ ቁመት፣ አጥንት የሌለው የሚመስል እግር፣ ፊቱ ላይ ግን ምንም የለም።

በ1938 «የኦዝ ጠንቋይ» በተሰኘው ፊልም ውስጥ የቆርቆሮውን ሰው እንዲጫወት ተመረጠ። ዘፈኖቹን ቀረጸ፣ ልምምዱን ጨረሰ። ፊቱን የሚቀቡት ነጭ ቀለም ላይ የአልሙኒየም ዱቄት ይነሰነስ ነበርና ዱቄቱ ሳንባው ገባ፤ ትንፋሽ አጥሮት ሆስፒታል ተኛ። ቦታው ለጃክ ሄሊ ተሰጠ። ለሄሊ ዱቄቱ ቀርቶ የአልሙኒየም ቅባት ተዘጋጀለት!

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ዋልት ዲዝኒ የሚደንስ ትንሽ አሻንጉሊት ለማሠራት ሲያስብ የጠራው ኤብሰንን ነው። ካሬ ካሬ በተሰመረ ሰሌዳ ፊት አስደንሰው ቀረጹት፤ ባለሙያዎቹ እርምጃውን ከመስመሮቹ ጋር እያስተያዩ ለማሽን አስጠኑት። በዲዝኒ የቴሌቪዥን ፊልም ውስጥ ዴቪ ክሮኬት የተባለውን የድንበር ጀግና ለመጫወትም ታስቦ ነበር፤ ዋናው ሚና ለፌስ ፓርከር ሄደና ኤብሰን የክሮኬትን ጓደኛ ሚና ያዘ።

በ1962 ሲቢኤስ የተባለው የቴሌቪዥን ጣቢያ «ዘ ቤቨርሊ ሂልቢሊስ» የተሰኘውን ተከታታይ ኮሜዲ ጀመረ። ኤብሰን የተጫወተው ጄድ ክላምፔት መሬቱ ላይ ነዳጅ ተገኝቶ ሚሊየነር የሆነ የተራራ ሰው ነው፤ ቤተሰቡን ባረጀ መኪና ጭኖ ሀብታሞቹ ሰፈር ይገባል። ሃያሲያን አጣጣሉት፤ ሕዝቡ ግን በመጀመሪያዎቹ 2 ምዕራፎች በተመልካች ብዛት አንደኛ አደረገው። በእኔ ግምት ሚስጥሩ ኤብሰን ነው። አያትየዋ ትጮኻለች፣ ወጣቱ ጄትሮ ይንደረደራል፣ የባንኩ ሰውዬ ይርበተበታል፤ ጄድ ቆሞ ያያቸዋል። እንዲህ ቆሞ ማሳቅ ቀላል አይደለም፤ መቼ መንቀሳቀስ እንዳለበት ጠንቅቆ የሚያውቅ ሰውነት ይጠይቃል፤ እሱም ይህን በታፕ ዳንስ ሲሠራበት ኖሯል።

ተከታታዩ 274 ክፍል ከተላለፈ በኋላ በ1971 ቆመ። ጣቢያው የከተማ ወጣቶችን ሽቶ የገጠር ኮሜዲዎቹን በአንድ ላይ ሲያባርር ነው። ኤብሰን ጡረታ ይወጣል ሲባል በ1973 ወተት የሚጠጣ ሽማግሌ መርማሪ፣ ባርናቢ ጆንስ፣ ሆኖ መጣና እስከ 1980 ወንጀለኛ ሲያሳድድ ቆየ።