ተጠራጣሪው ደራሲና የፈጠራቸው አማልክት

ሃዋርድ ፊሊፕስ ላቭክራፍት በ1890 ዓ.ም. (ዘመናቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በሮድ አይላንድ፤ በፕሮቪደንስ ከተማ ተወለደ። አባቱ ልጁ ሦስት ዓመት ሳይሞላው አእምሮው ታውኮ ወደ ሕሙማን ቤት ገባ፤ በ1898 ዓ.ም. በዚያው ሞተ። የእናቱ አባት ግን የሚያስፈሩ ተረቶችን እየፈጠረ ያጫውተው ነበር።

ከዚህ አስተዳደግ መናፍስትን የሚያምን ሰው ይወጣል ተብሎ ይጠበቅ ይሆናል፤ የሆነው ግን ተቃራኒው ነው። ላቭክራፍት ሥነ ፈለክን ወዳድ ሆነ፤ ከሚታየውና ከሚዳሰሰው ዓለም በቀር ሌላ የለም ይል ነበር። በ1914 ዓ.ም. አንድ ኮከብ ቆጣሪ በከተማው ጋዜጣ ስለ ሙያው በጻፈ ጊዜ፤ ላቭክራፍት በብዕር ስም ተሰውሮ፤ የኮከብ ቆጣሪዎችን አነጋገር እየቀዳ፤ እጅግ ሩቅ ዘመንን የሚተነብዩ የፌዝ ደብዳቤዎች አሳተመ። በ1926 ዓ.ም. ደግሞ ዝነኛው ምትሃተኛ ሃሪ ሁዲኒ አጉል እምነትን የሚነቅፍ መጽሐፍ እንዲያዘጋጁለት እሱንና አንድ ባልንጀራውን ይዞ ነበር፤ ሁዲኒ በዚያው ዓመት በኦክቶበር 31 ቀን ስለ ሞተ ሥራው ተቋረጠ።

በዚሁ ዓመት «የክቱሉ ጥሪ» የተባለውን ታሪክ ጻፈ፤ በ1928 ዓ.ም. ታተመ። የሕዝቦችን ልማድ ለሚመረምር ሰው እጅግ የሚያስደንቀው የአሠራሩ ብልሃት ነው። ስለ ፈጠራ አምልኮ ሲተርክ የጄምስ ፍሬዘርን «ወርቃማው ቅርንጫፍ» እና ማርጋሬት መሬይ በ1921 ዓ.ም. ስለ ጠንቋዮች ያሳተመችውን መጽሐፍ በስም ይጠቅሳል። ሐሰቱ በእውነተኛ መጻሕፍት መካከል ስለ ተቀመጠ እውነት መሰለ። (የመሬይ ሐሳብ ራሱ ኋላ በታሪክ ሊቃውንት ዘንድ ውድቅ መሆኑ ሌላ ጉድ ነው።) «ኔክሮኖሚኮን» ስለሚባለው መጽሐፍ የጠየቁትንም አንባቢዎች፤ እኔ የፈጠርኩት ነው እያለ ይመልስላቸው ነበር፤ ቢሆንም በ1977 ዓ.ም. በዚህ ስም የአስማት መጽሐፍ ታትሞ ተሸጠ።

በ1936 ዓ.ም. በታተመ ሌላ ድርሰቱ ከከዋክብት የመጡ ፍጡራን በደቡብ ዋልታ ከተማ ሠርተው በምድር ላይ ሕይወትን ያስገኛሉ። ላቭክራፍት ከሞተ ከ23 ዓመት በኋላ፤ በ1960 ዓ.ም.፤ ፈረንሳዊው ሉዊ ፖወልና የላቭክራፍት አድናቂ የነበረው ዣክ በርዥዬ ይህን የመሰለ ሐሳብ ልብ ወለድ ባልሆነ መጽሐፍ አቀረቡ፤ በ1968 ዓ.ም. ደግሞ ኤሪክ ፎን ዴኒከን በብዙ አገር አስፋፋው። ሁሉ ከላቭክራፍት ተቀዳ ማለት ማጋነን ነው፤ ቴዎሶፊስቶች የሚመሳሰል ነገር አስቀድመው ተናግረዋል፤ እሱም ከነሱ ወስዷል። ልዩነቱ እሱ ተረት መሆኑን ማወቁ ነው።

ጥርጣሬው ግን በአንድ ስፍራ ቆሟል። ኮከብ ቆጣሪን ያፌዘበት ሰው፤ በዘመኑ ስለ ዘር የሚነገረውን ሳይመረምር ተቀበለ፤ ጥቁሮችንና ድብልቆችን ዝቅ አድርጎ ጻፈ። በ«የክቱሉ ጥሪ» በሉዊዚያና ረግረግ የሚሰግዱት እነሱ ናቸው። በ1929 ዓ.ም. የታላቋን ዚምባብዌ ፍርስራሽ ከምድር ውጭ ከመጡ ፍጡራን ጋር አያይዞ ግጥም ገጠመ። በዚያው ዓመት ገርትሩድ ኬተን ቶምፕሰን ስፍራውን ቆፍራ፤ ሠሪዎቹ አፍሪካውያን መሆናቸውን አስታወቀች። ዴቪድ ራንዳል ማካይቨርም በ1905 ዓ.ም. ቆፍሮ ይህንኑ ብሎ ነበር። የሮዴሺያ ነጮች ብዙዎቹ ከሁለቱ ቁፋሮዎች ይልቅ ስለ ፊንቄያውያንና ስለ ንግሥተ ሳባ የሚነገረውን መረጡ። በ1980 ዓ.ም. ነጻ የወጣው አገር ስሙን ያገኘው ከዚሁ ፍርስራሽ ነው።